ከወረዳ በታች ያለችው ቻይና

በጓንግዶንግ ክፍለ ሀገር በዶንግጓን ሥር የምትገኘው ቻንግአን የኦፖና የቪቮ ስልኮች መፍለቂያ ናት፤ ነዋሪዎቿም 800 ሺህ ገደማ ይደርሳሉ። በሌላው የአገሪቱ ጫፍ፣ ቲቤት ውስጥ ከሕንድ ድንበር አጠገብ የተወሸቀችው ዩማይ ደግሞ ለረጅም ዓመታት አንድ አባትና ሁለት ሴት ልጆቹ ብቻ የቀሩባት ስፍራ ነበረች፤ የአስተዳደሩ ሹምም አባትየው ራሱ ነበር። በመንግሥት መዋቅር ላይ ግን ሁለቱ በማዕረግ እኩል ናቸው። ሁለቱም ከወረዳ ቀጥሎ ባለው የመጨረሻ እርከን ላይ ተቀምጠዋል። ይህን እርከን የሚለየው የሕዝቡ ብዛት ወይም የኪሱ ውፍረት እንዳልሆነ ከዚህ መረዳት ይቻላል። የሚለየው፣ መንግሥት ቢሮ ከፍቶ፣ በጀት መድቦ፣ ደመወዝተኛ ቀጥሮ የሚቀመጥበት የመጨረሻው ቦታ መሆኑ ነው። ከዚያ በታች መንደር አለ። መንደር በሕግ ዓይን የመንግሥት አካል አይደለም፤ የመንግሥት ሥራ ግን በየዕለቱ ይሠራበታል። የዚህ ሐተታ መከራከሪያ ይህን ይላል፦ በመንግሥትና በመንደሩ መካከል ያለው ድንበር በስህተት የተደበዘዘ ሳይሆን ታስቦበት የተሠመረ ነው፤ በዚህ ድንበር ላይ ማን ለማን ተጠሪ እንደሚሆን ሲወስን የኖረውም ከሕጉና ከምርጫው ይልቅ ገንዘቡ የሚፈስበት አቅጣጫ ነው።

በመጀመሪያ መዋቅሩን እንየው። እ.ኤ.አ. በ1982 የጸደቀው ሕገ መንግሥት አገሪቱን በክፍለ ሀገር፣ በወረዳና ከወረዳ በታች በሚገኙ አስተዳደሮች ይከፍላታል። በተግባር በክፍለ ሀገሩና በወረዳው መካከል ዞን የሚመስል እርከን ስለገባበት፣ ከቤጂንግ እስከ ታች ሲቆጠር መንግሥት አምስት ደረጃ አለው። በዋናው ምድር 31 በክፍለ ሀገር ደረጃ ያሉ፣ ከ330 በላይ በዞን ደረጃ ያሉና ከ2,800 በላይ በወረዳ ደረጃ ያሉ አስተዳደሮች አሉ። በአምስተኛው እርከን የሚቆጠሩት ከ38 ሺህ በላይ ናቸው፤ በትልልቅ ከተሞች ውስጥ ያሉትን የሰፈር ጽሕፈት ቤቶች ጨምሮ ማለት ነው። ከእነዚህ ውስጥ ዠን የሚባሉት የአነስተኛ ከተማ አስተዳደሮች ከ21 ሺህ ይበልጣሉ፤ ሺያንግ የሚባሉት የገጠር አስተዳደሮች ደግሞ ከዓመት ዓመት እየተመናመኑ መጥተዋል። ሁለቱን በአንድ ስም ንዑስ ወረዳ እንበላቸው። በሺያንግና በዠን መካከል ያለው ልዩነትም የሚታሰበውን ያህል አይደለም። በ1984 በወጣው መስፈርት መሠረት፣ ሕዝቡ ከ20 ሺህ የማይበልጥ አንድ ሺያንግ በመቀመጫ ከተማው ከ2,000 በላይ ከእርሻ ውጭ የሚተዳደሩ ነዋሪዎች ካሉት ዠን ሊባል ይችላል። ስለዚህ አብዛኛው ዠን ዛሬም ዙሪያውን በእርሻ መሬት የተከበበ፣ በሥሩ ብዙ መንደሮችን የያዘ አስተዳደር ነው። መንደሮቹ በጠቅላላው ወደ 490 ሺህ ይጠጋሉ።

ይህ መዋቅር ከየት መጣ? በንጉሠ ነገሥታቱ ዘመን የመንግሥት ሹመት ወረዳ ላይ ያበቃ ነበር። በመጨረሻው በቺንግ ሥርወ መንግሥት 1,300 ገደማ ወረዳዎች ነበሩ፤ በእያንዳንዱ የሚሾመው ሹም በተወለደበት ክፍለ ሀገር እንዳይሠራ ስለሚከለከል የአካባቢውን ዘዬ እንኳ ላያውቅ ይችላል። ከእሱ በታች የነበረው ሥራ፣ ግብር ማሰባሰቡም፣ ጠብ ማብረዱም፣ ቦይ ማስጠረጉም፣ በአገሬው ባላባቶችና በጎሳ ሽማግሌዎች እጅ ነበር። ፌይ ሺያዎቶንግ የተባለው ስመ ጥር የማኅበረሰብ ተመራማሪ በ1940ዎቹ ይህን ሥርዓት ባለ ሁለት መንገድ አድርጎ ገልጾታል። በአንደኛው መንገድ የቤተ መንግሥቱ ትእዛዝ ወደታች ይወርዳል፤ በሁለተኛው፣ በይፋ በማይታወቀው መንገድ፣ ባላባቱ በዝምድናና በትውውቅ ተጠቅሞ የአካባቢውን አቤቱታ ወደላይ ያሻግራል። ፌይ የነቀፈው በዘመኑ የነበረው የብሔርተኞቹ መንግሥት ቤተሰቦችን በቁጥር እየጠረነፈ ኃላፊ ሲሾምባቸው ሁለተኛውን መንገድ መዝጋቱን ነበር። ትእዛዙ ይወርዳል፤ አቤቱታው ግን መውጫ አጣ። ይህ ትዝብት ከዚያ በኋላ ለመጣው ሁሉ ጥሩ መነጽር ነው።

ኮሚኒስቶቹ ሥልጣን ከያዙ በኋላ መንግሥት ከወረዳ ወርዶ እርሻው ውስጥ ገባ። በ1958 በጥቂት ወራት ጊዜ ውስጥ የአገሪቱ ገበሬ ከሞላ ጎደል በሙሉ በ26 ሺህ ገደማ የሕዝብ ኮምዩኖች ተጠቃለለ። ኮምዩኑ መንግሥትም፣ የእርሻ ድርጅትም፣ ሚሊሺያም፣ ትምህርት ቤትም ነበር። በሥሩ የምርት ብርጌድ፣ በብርጌዱ ሥር ደግሞ የምርት ቡድን ነበረ። ከላይ የመጣው ኮታ በአንድ ቀጥተኛ ሰንሰለት እስከ ገበሬው ማጭድ ይደርሳል፤ ከታች ወደላይ የሚወጣው ሪፖርት ግን አለቃውን ለማስደሰት የተጋነነ ነበር። በዚያው ዘመን የደረሰው ረሀብ በሚሊዮኖች የሚቆጠር ሕዝብ ፈጀ። ኮምዩኑ ከዚያም በኋላ ቅርጹን እየለዋወጠ ለሃያ ዓመት ያህል ቆየ። በ1978 በአንሁይ ክፍለ ሀገር የሺያዎጋንግ መንደር 18 ቤተሰቦች መሬቱን በምስጢር ተከፋፍለው ማረስ ሲጀምሩና አሠራሩ በሌላውም አካባቢ ሲስፋፋ ግን የኮምዩኑ መሠረት ተናደ። ገበሬው በየቤቱ ካረሰ ብርጌዱ የሚያዘው፣ ቡድኑ የሚቆጥረው ነገር አይኖርም። በ1983 መንግሥትና ኮምዩን እንዲለያዩ መመሪያ ወጣ። ኮምዩኑ ንዑስ ወረዳ፣ ብርጌዱ መንደር፣ ቡድኑ የመንደርተኞች ጓድ ሆነ። በ1980ዎቹ አጋማሽ የንዑስ ወረዳዎቹ ቁጥር ከ90 ሺህ በላይ ነበር።

ለንዑስ ወረዳ መንግሥት ተቋቋመለት። ለመንደሩስ? እዚህ ላይ ነው ድንበሩ የተሠመረው። በጓንግሺ ክልል የምትገኘው የሄጃይ መንደር ነዋሪዎች በ1980 መጀመሪያ፣ ብርጌዱ ሲዳከም ሌባው በዝቶ፣ ደኑ ተጨፍጭፎ፣ ቁማሩ ተስፋፍቶ ስላስቸገራቸው፣ ማንም ሳያዛቸው የራሳቸውን ኮሚቴ መረጡ። ሄጃይ ዛሬ የመንደር ኮሚቴዎች መነሻ ተብላ ትጠቀሳለች። የ1982ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 111 ይህን ዓይነት ኮሚቴ የሕዝብ ራስ ማስተዳደሪያ ድርጅት አድርጎ ተቀበለው። በአንጋፋው የፓርቲ መሪ በፔንግ ጄን ግፊት በ1987 የሙከራ ሕግ ወጣ፤ በ1998 ሕጉ ቋሚ ሆነ፤ በ2010 ተሻሻለ። በሕጉ መሠረት ከሦስት እስከ ሰባት አባላት ያሉትን ኮሚቴ ዕድሜያቸው 18 የሞላ ነዋሪዎች በቀጥታና በምስጢር ድምፅ ይመርጣሉ፤ የኮሚቴው ዘመን መጀመሪያ ሦስት ዓመት ነበር፣ ከ2018 ማሻሻያ ወዲህ አምስት ሆኗል። የንዑስ ወረዳው መንግሥት ለኮሚቴው አቅጣጫ ያመላክታል፣ ይደግፈዋል፣ ይረዳዋል፤ በመንደሩ የውስጥ ጉዳይ ግን ጣልቃ አይገባም። ኮሚቴውም በበኩሉ የንዑስ ወረዳውን መንግሥት በሥራው ያግዛል።

የነገሩ ቁልፍ ያለው በዚህች በመጨረሻዋ ግዴታ ውስጥ ነው። ሕጉ የእገዛውን ልክ አልወሰነም። ግብር ማሰባሰብ፣ የወሊድ ቁጥጥር፣ የሕዝብ ቆጠራ፣ የደን እሳት መከላከል፣ ጡረታና ድጎማ መመዝገብ፣ ወረርሽኝ ሲመጣ መንገድ መዝጋት፣ ሁሉም እገዛ ሊባል ይችላል፤ ሲባልም ኖሯል። ሠራተኛው ደግሞ የመንግሥት ሠራተኛ አይደለም። የመንደሩ ሹማምንት በመንግሥት የሥራ መደብ ላይ ስላልሰፈሩ የሚከፈላቸው የድጎማ አበል ነው፤ ቢሳሳቱ፣ የተሳሳተው የሕዝቡ ድርጅት እንጂ መንግሥት አይደለም። ኢትዮጵያዊ አንባቢ ይህን ከቀበሌ ጋር አንድ አድርጎ ማየት ይቀናዋል፤ ንጽጽሩ ግን ያሳስታል። ቀበሌ ማኅተሙም ሥልጣኑም የመንግሥት የሆነ የመጨረሻ እርከን ነው። የቻይና መንደር ኮሚቴ ግን በሕግ ከመንግሥት ውጭ ያለ፣ በተግባር የመንግሥትን ሥራ የሚሠራ አካል ነው። ግማሽ ሚሊዮን ገደማ መንደሮችን በመደበኛ ደመወዝተኛ ማስተዳደር ምን ያህል ወጪ እንደሚጠይቅ ላሰበ ሰው፣ ድንበሩ ለምን እዚያ ላይ እንደተሠመረ ግልጽ ነው። መንግሥት ከመንደር በላይ የቆመው ቁጥብ ሆኖ አይደለም፤ ዋጋውን ሳይከፍል ውጤቱን ስለሚያገኝ ነው።

ይህ ድንበር በተግባር እንዴት እንደሚሠራ ለማየት ገንዘቡን መከተል ይሻላል። በ1994 ምክትል ጠቅላይ ሚኒስትሩ ዡ ሮንግጂ የመሩት የግብር ክፍፍል ማሻሻያ ሲደረግ ማዕከላዊው መንግሥት ከጠቅላላው የበጀት ገቢ የሚወስደው ድርሻ ከ22 በመቶ ተነሥቶ በአንድ ዓመት ከ55 በመቶ በላይ ደረሰ። ገቢው ወደላይ ሲወጣ ሥራው ግን ታች ቀረ። ክፍለ ሀገሩ በዞኑ፣ ዞኑ በወረዳው፣ ወረዳው በንዑስ ወረዳው ላይ ሸክሙን እያሸጋገረ ሄደ። ንዑስ ወረዳው የሚያሸጋግርበት ሌላ መንግሥት ስለሌለው ፊቱን ወደ መንደር አዞረ። ከእርሻው ግብር በተጨማሪ ሦስት ዓይነት የመንደር ተቀናሽና አምስት ዓይነት የንዑስ ወረዳ መዋጮ ነበረ፦ ለትምህርት ቤት፣ ለመንገድ፣ ለሚሊሺያ ሥልጠና፣ ለወታደር ቤተሰብ፣ ለወሊድ ቁጥጥር። በ1991 የወጣው ደንብ እነዚህ መዋጮዎች ካለፈው ዓመት የገበሬው የተጣራ ገቢ 5 በመቶ እንዳይበልጡ ቢደነግግም፣ ደመወዝ መክፈል ያቃተው ንዑስ ወረዳ ደንብ የሚያነብበት ጊዜ አልነበረውም። መዋጮውን ቤት ለቤት እየዞረ የሚሰበስበው ደግሞ ያው ራሱን የሚያስተዳድረው የመንደር ኮሚቴ ነበር። አልከፍልም ካለው ገበሬ እህል የተወሰደበት፣ ከብት የተነዳበት ጊዜ ነው። በ2000 በሁቤይ ክፍለ ሀገር የቺፓን ንዑስ ወረዳ የፓርቲ ጸሐፊ የነበረው ሊ ቻንግፒንግ ለጠቅላይ ሚኒስትሩ በጻፈው ደብዳቤ፣ ገበሬው በእውነት እንደተቸገረ፣ ገጠሩ በእውነት እንደደኸየ፣ እርሻውም በእውነት አደጋ ላይ እንደወደቀ አስታወቀ። ደብዳቤው አገር ያወቀው ጉዳይ ሆነ፤ እሱም ብዙ ሳይቆይ ሥራውን ለቀቀ።

የተሰጠው ምላሽ ትልቅ ነበር። ከ2000 ጀምሮ በአንሁይ መዋጮዎቹን በግብር የመተካት ሙከራ ተደረገ፤ ከጥር 1 ቀን 2006 ጀምሮ የእርሻ ግብር ከነጭራሹ ቀረ። የቻይና መንግሥት ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ ከገበሬው ሲሰበስበው የኖረው ግብር ነበር። ለገበሬው እፎይታ መሆኑ አያከራክርም። ሆኖም ንዑስ ወረዳው ከመንደሩ የሚሰበስበው ሲቀር ወደ መንደሩ የሚሄድበት ዋነኛ ምክንያትም አብሮ ቀረ። ቀድሞ ካድሬው ግብሩን ለማግኘት ሲል የገበሬውን አቤቱታ መስማት፣ ቦዩን ማስጠገን፣ የድንበር ጠብ ማብረድ ነበረበት፤ ገበሬውም ቦዩ ካልተጠገነ አልከፍልም ለማለት አንዲት መደራደሪያ ነበረችው። አሁን በጀቱ ከላይ በድጎማ መልክ የሚወርድ ስለሆነ፣ ደመወዙን የሚጠብቀው ሹም የሚያንጋጥጠው ወደ ወረዳ ነው። ዡ ፌይዡ የተባለው ምሁር በ2006 ባሳተመው ጥናት ይህን ለውጥ ከመጣጭ አስተዳደር ወደ ተንሳፋፊ አስተዳደር የተደረገ ሽግግር ብሎታል፤ ቀድሞ ከመንደሩ የሚመጥጥ ነበር፣ አሁን ከመንደሩ በላይ ተንሳፍፎ የቀረ ሆነ። ወጪ ለመቆጠብ ሲባል ንዑስ ወረዳዎች እየተጨፈለቁ ሲዋሐዱ ደግሞ ቢሮው ከብዙ መንደሮች በአካልም ራቀ።

እዚህ ላይ ተቃውሞ መነሣቱ አይቀርም። መንደርተኛው በየጊዜው ኮሚቴውን ይመርጥ የለም ወይ? የድምፅ ሣጥኑስ ተጠሪነትን ወደታች አይስበውም? ምርጫው ቀልድ ነው ማለት ከእውነት የራቀ ነው። በብዙ መንደሮች ብዙ ዕጩዎች ቀርበው ተፎካክረዋል፤ የነበሩት ሹማምንት ተሸንፈው ወርደዋል፤ ድምፅ ለመግዛት ገንዘብ መረጨቱ ራሱ ወንበሩ ዋጋ እንዳለው ይመሰክራል። ነገር ግን ምርጫው የሚያበቃው መንደር ላይ ነው። የንዑስ ወረዳው ሹም የሚመረጠው በምክር ቤት ሲሆን ዕጩውን በተግባር የሚያቀርበው የወረዳው ፓርቲ ነው። በሲቹዋን ክፍለ ሀገር የቡዩን ንዑስ ወረዳ ነዋሪዎች በታኅሣሥ 31 ቀን 1998 ሹማቸውን በቀጥታ ሲመርጡ ሕገ መንግሥቱን የሚጻረር ነው ተብሎ ተነቀፈ፤ ሙከራውም ሳይስፋፋ ቀረ። በመንደሩ ውስጥም ቢሆን የተመረጠው ኮሚቴ ሒሳብ የሚያዘው በብዙ ቦታ በንዑስ ወረዳው ቢሮ ነው፤ አንዳንዴ ማኅተሙም እዚያው ይቀመጣል። ወንበሩን ከሕዝብ፣ በጀቱንና ማኅተሙን ከንዑስ ወረዳ የሚያገኝ ሊቀ መንበር ሁለት ጌታ አለው፤ ሁለቱ ሲጋጩ ማን እንደሚያሸንፍ መገመት አይከብድም።

የጓንግዶንጓ የዉካን መንደር ታሪክ ይህን ከሁሉ አጉልቶ ያሳያል። በ2011 መስከረም የመንደሩ ሰዎች የጋራ መሬታቸው ያለ ፈቃዳቸው ለገንቢዎች ተሽጧል ብለው ተነሡ፤ የመንደሩ የፓርቲ ጸሐፊ ከአርባ ዓመት በላይ በወንበሩ ላይ የቆየ ሰው ነበር። በታኅሣሥ ከተወካዮቻቸው አንዱ በእስር ላይ ሳለ ሲሞት ሹማምንቱና ፖሊሶቹ ከመንደሩ ወጡ፤ መንደሩም ተከበበ። የክፍለ ሀገሩ ባለሥልጣን መጥቶ ከተደራደረ በኋላ በ2012 መጋቢት በምስጢር ድምፅ ምርጫ ተካሄደ፤ የተቃውሞው መሪ ሊን ዙልያንም በከፍተኛ ድምፅ ተመረጠ። ዓለም የቻይና ዴሞክራሲ ጭላንጭል አለው። ኮሚቴው ግን የተመረጠበትን ዋና ጉዳይ፣ መሬቱን የማስመለስ ጉዳይ፣ ሊያሳካው አልቻለም። መሬቱን የሚመዘግበው፣ ውሉን የሚሽረው፣ የልማት ፈቃዱን የሚሰጠው ከመንደር በላይ ያለው አካል ነውና። በ2016 ሊን ዳግም ተቃውሞ ሊጠራ ሲል በሙስና ተከሶ ታሰረ፤ መንደሩም በፖሊስ ተወረረ። የዉካን ሰዎች ያጡት የመምረጥ መብት አልነበረም። መርጠዋል። ያጡት፣ የመረጡት ሰው የሚያዝበት ነገር ነው።

መሬቱ ለምን ይህን ያህል እንደሚያጣላ ለመረዳት ወደ ሕጉ እንመለስ። በቻይና የከተማ መሬት የመንግሥት፣ የገጠር መሬት ደግሞ የመንደሩ ማኅበረሰብ የጋራ ንብረት ነው። ገበሬው የሚያርሰው በውል ነው። እስከ 2019 የሕግ ማሻሻያ ድረስ ግን ለግንባታ የሚፈለግ የእርሻ መሬት በመሠረቱ መጀመሪያ መንግሥት መውሰድ፣ ለገበሬው በእርሻ ምርቱ ግምት ካሣ መክፈል፣ ከዚያ በከተማ ዋጋ ማስተላለፍ ነበረበት። በካሣውና በጨረታው ዋጋ መካከል ያለው ልዩነት የወረዳና የከተማ አስተዳደሮች ዋነኛ የገቢ ምንጭ ሆነ። የእርሻ ግብር በቀረበት ዘመን የገጠሩ ሀብት ወደላይ መፍሰሱን አላቆመም፤ ከእህል ወደ መሬት ተለወጠ እንጂ። ንዑስ ወረዳው የዚህ ፍሰት አስፈጻሚ ሆነ፤ ገበሬውን የሚያሳምነው፣ የሚያስፈርመው፣ ሲያምፅ የሚጠየቀው እሱ ነው። የመንደር ኮሚቴውም በማኅበረሰቡ ስም ይፈርማል። የጋራ ባለቤትነቱ የገበሬው፣ ፊርማው የኮሚቴው፣ ገቢው የወረዳው ሆኖ ተከፋፈለ።

ሁለተኛው ተቃውሞ ከበለጸጉት የምሥራቅና የደቡብ ከተሞች የሚነሣ ነው። ንዑስ ወረዳ ይህን ያህል አቅመ ቢስ ከሆነ ዶንግጓን እንዴት የዓለም ፋብሪካ ሆነች? ዶንግጓን በዞን ደረጃ ያለች ከተማ ሆና ወረዳ የላትም፤ 28 ዠኖችና 4 የሰፈር አስተዳደሮች በቀጥታ በሥሯ ናቸው፤ ፋብሪካውን ያመጡትም በአብዛኛው ዠኖቹና መንደሮቹ ናቸው። የዠጂያንጓ ሎንግጋንግም አለች። በ1984 ከጥቂት የዓሣ አጥማጅ መንደሮች ተነሥታ ዠን ስትሆን መንግሥት የሰጣት በጀት እዚህ ግባ የሚባል አልነበረም፤ ገበሬዎች ከየቦታው ገንዘባቸውን ይዘው መጥተው መንገዱንም ቤቱንም በራሳቸው ሠሩት። ለዚህም የቻይና የመጀመሪያዋ የገበሬ ከተማ ትባላለች። ማስረጃው ትክክል ነው፤ የሚደግፈው ግን የኛን መከራከሪያ ነው። እነዚህ ዠኖች የተለዩት የራሳቸው ገንዘብ ስለነበራቸው ነው። መንደሩ ለፋብሪካ ካከራየው ቦታ ኪራይ ሲያገኝ፣ ዠኑም ከባለ ፋብሪካው ገቢ ሲያገኝ፣ ሹሙ የነዋሪውንና የነጋዴውን ቃል መስማት ትርፍ አለው። እነሱም ቢሆኑ ጣሪያው ገትቷቸዋል። ሎንግጋንግ ሕዝቧ መቶ ሺዎችን ካለፈ በኋላም የትራፊክ፣ የግንባታና የቅጣት ሥልጣኑ በወረዳው እጅ ስለነበር፣ ችግሩ የተፈታው በ2019 ከዠንነት ወጥታ በቀጥታ ወረዳ አከል ከተማ ስትባል ነው። ማለትም ንዑስ ወረዳ ሆኖ ትልቅ መሆን የሚቻለው፣ በመጨረሻ ንዑስ ወረዳ መሆንን በመተው ነው።

ሦስተኛው ተቃውሞ ከሁሉ ይከብዳል። ስለ ገንዘብ ስናወራ ዋናውን ባለቤት ረሳነው ይላል፤ ገዥውን ፓርቲ። በንዑስ ወረዳ ከሹሙ በላይ የፓርቲ ጸሐፊው አለ፤ በመንደርም ከኮሚቴው ሊቀ መንበር ጎን የመንደሩ ጸሐፊ አለ። ከ2018 ወዲህ ደግሞ ሁለቱ የመንደር ወንበሮች በአንድ ሰው እንዲያዙ ተደርጎ አሁን በአብዛኛው መንደር ጸሐፊውና ሊቀ መንበሩ አንድ ሰው ነው። ድህነትን ለማጥፋት በተደረገው ዘመቻ ከ3 ሚሊዮን በላይ ካድሬዎች በየጊዜው ወደ መንደር ተልከው ኖረዋል፤ በ2021 የካቲት መንግሥት በራሱ መለኪያ ፍጹም ድህነት መጥፋቱን አውጇል። ይህ ሁሉ ሕግና ገንዘብ ሳይሆን የፓርቲው ሰንሰለት መንደሩን ከመንግሥት ጋር እንደሚያስተሳስረው አያሳይም ወይ?

በከፊል ያሳያል። ነገር ግን ፓርቲው በ1995ም፣ በ2007ም፣ በ2020ም ያው አንድ ፓርቲ ነው፤ ሰንሰለቱም ያው ነው። የንዑስ ወረዳው ጠባይ ግን በሦስቱ ዘመናት እጅግ የተለያየ ነበር፦ በመጀመሪያው መዋጮ ሰብሳቢ፣ በሁለተኛው ተንሳፋፊ፣ በሦስተኛው የድጎማ አከፋፋይ። ሳይለወጥ የኖረ ነገር ለተለወጠ ነገር ብቻውን ምክንያት ሊሆን አይችልም። የተለወጠው የገንዘቡ አቅጣጫ ነው። በድህነት ቅነሳው ዘመቻ መንገድ፣ ውሃና መኖሪያ ቤት እስከ ሩቅ ተራራማ መንደር መድረሳቸው ሊካድ የማይገባው ውጤት ነው፤ የተገኘው ግን ከላይ በብዛት የወረደ በጀትና በውሰት የመጣ የሰው ኃይል አንድ ላይ ሲሆኑ ነው። ያንን ሁሉ ሰው ከውጭ መላክ ማስፈለጉ ራሱ ነባሩ የመንደርና የንዑስ ወረዳ መዋቅር በራሱ አቅም ሥራውን መወጣት እንዳልቻለ የሚመሰክር ነው። ሁለቱን ወንበሮች አንድ ማድረጉም ጭቅጭቁን ቀንሶ ይሆናል፤ ነገር ግን ወደላይ የሚሄደውን የአቤቱታ መንገድ ይበልጥ አጥብቦታል። የተመረጠው ሰው ከተሾመው ሰው ጋር ሲጋጭ ቢያንስ መንደርተኛው ሁለት በር ነበረው። አሁን አንድ ነው።

በሁሉም ዘመን ሳይቀየር የቀረ አንድ ነገር ቢኖር የንዑስ ወረዳው ኃላፊነት ከሥልጣኑ መብለጡ ነው። የቻይና ካድሬዎች ይህን የሚገልጹበት አባባል አላቸው፦ ላይ ሺህ ክር፣ ታች አንድ መርፌ። እያንዳንዱ የላይ መሥሪያ ቤት የራሱን ክር ይዞ ይመጣል፤ ሁሉም ማለፍ ያለበት በአንዲቱ ቀዳዳ ነው። ፖሊሱ፣ ግብር ቢሮው፣ የመሬት ቢሮው በንዑስ ወረዳው ግቢ አጠገብ ጣቢያ ቢኖራቸውም ተጠሪነታቸው ለየመሥሪያ ቤታቸው እንጂ ለንዑስ ወረዳው አይደለም። ሹሙ ግን በየዓመቱ ከወረዳው ጋር የግብ ውል ይፈርማል፤ በአንዳንዱ ጉዳይ፣ ለምሳሌ በጸጥታ ወይም ቀድሞ በወሊድ ቁጥጥር፣ አንድ ጉድለት የሌላውን ሥራ ነጥብ ሁሉ ይሰርዝበታል። በቤጂንግ ፒንጉ ሥር ያለችው የጂንሃይ ሐይቅ ዠን በሕገ ወጥ ማዕድን ቆፋሪዎች ስትቸገር ቆፋሪዎቹን የማየት እንጂ የመቅጣት ሥልጣን አልነበራትም። በ2017 ዠኗ ስትጠራ የሚመለከታቸው መሥሪያ ቤቶች በግማሽ ሰዓት ውስጥ እንዲደርሱ የሚያስገድድ አሠራር ተሞከረ፤ ንዑስ ወረዳው ፊሽካ ይነፋል፣ መሥሪያ ቤቱ አቤት ይላል ተባለ። ዘዴው ሠርቶ በመላዋ ቤጂንግ ተስፋፋ። ማዕከላዊው መንግሥት 2019ን የታችኛው እርከን ሸክም ማቅለያ ዓመት ብሎ ሰየመ፤ በ2024 ደግሞ እያንዳንዱ ንዑስ ወረዳ የትኛው ሥራ የራሱ፣ የትኛው የላይ አካል እንደሆነ በዝርዝር እንዲጻፍ መመሪያ ወጣ።

እነዚህ እርምጃዎች ከንቱ አይደሉም፤ በሽታውን በትክክል ያወቁ ናቸው። ሥራን በዝርዝር መጻፍ ግን የሚፈታው የጥያቄውን ግማሽ ነው፦ ማን ምን ይሥራ የሚለውን። በማን ገንዘብ፣ ለማንስ ተጠሪ ሆኖ የሚለው ሳይነካ ይቀራል። ይህ ሁለተኛው ግማሽ ደግሞ አሁን እየገፋ መጥቷል። ከ2021 ወዲህ የቤትና የመሬት ገበያው ሲቀዘቅዝ የአካባቢ መንግሥታት ከመሬት የሚያገኙት ገቢ ክፉኛ ቀንሷል። በ1994 ገቢው ወደላይ ሲወጣ ወረዳው ሸክሙን ወደታች እንዳሸጋገረው ዛሬም ተመሳሳይ ፈተና ከፊቱ ተደቅኗል፤ የሚጨመርለት ድጎማ ካልበቃ ወይ ሥራ መቀነስ፣ ወይ አዲስ የመዋጮ ስም መፈለግ ነው። መንገዱ የሚለየው ገበሬው ሲጠየቅ ምን ማለት ይችላል በሚለው ነው። የመንደሩ ሒሳብ በመንደሩ ስብሰባ የሚመረመር፣ ማኅተሙም በመረጠው ኮሚቴ እጅ ያለ ከሆነ፣ አዲሱ መዋጮ ገና ሲጀመር ተቃውሞው በስብሰባ ላይ ይሰማል። ካልሆነም የሚሰማው እንደ ዉካን በአደባባይ ነው። ቻይና ከመንደር በላይ ያሠመረችው ድንበር ለአርባ ዓመት መንግሥትን ብዙ ወጪ አድኖታል፤ ያዳነው ወጪ ግን ጠፍቶ አልቀረም፤ መንደርተኛው በመዋጮ፣ በመሬትና ሰሚ ባጣ አቤቱታ ሲከፍለው ኖሯል። የሥራ ዝርዝሩ ማሻሻያ መባል የሚገባው ይህን ሒሳብ ከመንደርተኛው ትከሻ ካወረደ ብቻ ነው።